ስለ ቀኝ አክራሪ ፓርቲዎች ጅማ ላይ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ጅማ ላይ የአውሮፓ ምርጫ ዜና ሲነሳ ጨዋታው ቶሎ ይሞቃል። አንዱ ውጭ ዘመድ አለው። ሌላው ቡና ይነግዳል። ተማሪው ደግሞ ስኮላርሺፕ እየጠበቀ ነው። ስለዚህ "ቀኝ አክራሪዎች አሸነፉ" የሚለው ዜና እዚህ ከተማ የሩቅ ወሬ ሆኖ አይቀርም። ከታች ያሉት ደጋግመው የሚመጡብኝ ጥያቄዎች ናቸው። አንዳንዱን በሰፊው መልሻለሁ፤ አንዳንዱ ብዙ የሚያስወራ አይደለም። ዓመቶቹም ወራቱም እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው፤ ጥር ስል ጃንዋሪ ማለቴ ነው።

ቀኝ አክራሪ የሚባለው ማን ነው? ከቀኝ ዘመም በምን ይለያል?

ቀኝ ዘመም ፓርቲ ግብር ይቀነስ፣ ነጋዴው አይጨናነቅ፣ ቤተሰብና ሃይማኖት ይከበር ይላል። ይሄ ተራ ፖለቲካ ነው። የጀርመኗ አንጌላ ሜርክል የቀኝ ዘመም ፓርቲ መሪ ነበሩ፤ አክራሪ ግን አልነበሩም። አክራሪው ሌላ ታሪክ ነው የሚያወራው። ሀገሪቱ የአንድ ሕዝብ ንብረት ናት፤ ያ ሕዝብ ከውጭ በስደተኛ፣ ከውስጥ ደግሞ ሀገር በሸጡ ልሂቃን ተከቧል፤ የሚያድነው እኛ ብቻ ነን ይላል።

በዚህ ጎራ ውስጥም ሁለት ዓይነት ሰው አለ። አንዱ ምርጫ የሚባል ነገር አይፈልግም። ኒዮ ናዚ ቡድኖች እዚህ ይመደባሉ። ሌላው ይወዳደራል፣ ይመረጣል። ግን ዳኛ፣ ጋዜጠኛ ወይም የአናሳዎች መብት መንገዱ ላይ ሲቆም ትዕግሥቱ ያልቃል። ዛሬ ፓርላማ የሞሉት እነዚህ ሁለተኞቹ ናቸው። የሁለቱ የዘር ሐረግ ግን ይነካካል። የኦስትሪያው የነፃነት ፓርቲ በ1956 ሲመሠረት የመጀመሪያ መሪው ኤስ ኤስ የሚባለው የናዚ ታጣቂ ድርጅት የቀድሞ መኮንን ነበር። በ1988 የተመሠረተው የስዊድን ዴሞክራቶች ፓርቲም ከናዚ ጋር የተነካኩ መሥራቾች ነበሩት። ይህንን ፓርቲው ራሱ ያስጠናው ጥናት አምኗል። ያው ፓርቲ በ2022 ምርጫ 20.5 በመቶ አግኝቶ ከሀገሪቱ ሁለተኛ ወጣ።

ታዲያ ፋሺስት ናቸው ማለት ነው?

ይሄ ጥያቄ ጅማ ላይ ክብደት አለው። ከ1936 እስከ 1941 ጣሊያን የደቡብ ምዕራቡን ግዛት ያስተዳደረው ከዚሁ ከተማ ተቀምጦ ነው። ፈረንጅ አራዳ ላይ የሚታዩት የዚያ ዘመን ቤቶች ዛሬም ሰው ይኖርባቸዋል። የአባቶቻችን ፋሺስት ጥቁር ሸሚዝ ለብሶ፣ መርዝ ጋዝ ጭኖ ነው የመጣው። የዛሬዎቹ ሱፍ ለብሰው ቴሌቪዥን ላይ የሚከራከሩ ናቸው። የፓርቲ ሚሊሺያ የላቸውም። ሌሎች ፓርቲዎች ይታገዱ አይሉም። ስለዚህ ሁሉንም በአንድ ስም መጥራት ስድብ እንጂ መረጃ አይሆንም።

ግን ታሪኩን ማወቅ ይጠቅማል። ሙሶሊኒ በምርጫ አብላጫ አግኝቶ አይደለም የመጣው። በ1921 ፋሺስቶቹ ያገኙት 35 ወንበር ብቻ ነበር፤ በ1922 መንግሥቱን የሰጡት ንጉሡ ናቸው። ሂትለርም በነፃ ምርጫ ከግማሽ በላይ ድምፅ አግኝቶ አያውቅም። በሐምሌ 1932 ፓርቲው 37.3 በመቶ አገኘ። በኅዳር ወደ 33.1 በመቶ ወረደ። እየወረደ እያለ ነው በጥር 1933 ቻንስለር ያደረጉት። የሾሙት ወግ አጥባቂዎች "እኛ እንቆጣጠረዋለን" ብለው ነበር። ለእኔ ከዚያ ዘመን ትልቁ ትምህርት የአክራሪው ጉልበት አይደለም። በሩን የከፈተለት ጨዋ መሳዩ ጎረቤት ነው።

የጣሊያኗ ጠቅላይ ሚኒስትር ጆርጂያ ሜሎኒ ብዙ ጊዜ ይነሳሉ። ፓርቲያቸው የጣሊያን ወንድማማቾች በ2012 ተመሠረተ። ሥሩ ግን በ1946 የሙሶሊኒ ርዝራዦች ከመሠረቱት ንቅናቄ ይመዘዛል። የዚያ ንቅናቄ የእሳት ነበልባል ምልክት ዛሬም አርማው ላይ አለ። በ2018 ከመቶ 4 ገደማ ነበረው፤ በ2022 ወደ 26 በመቶ ዘለለ። ሜሎኒ ሥልጣን ላይ ሲወጡ ብዙዎች የፈሩት ያህል አልሆነም። ከአውሮፓ ኅብረት ጋር ተስማምተው ይሠራሉ። በሚያዝያ 2023 አዲስ አበባ መጥተው ስለ ትብብር ተነጋግረዋል። በሌላ በኩል ጣሊያን ከዚያ ዘመን ጋር ሒሳቡን ጨርሶ አልዘጋም። በ2012 ከሮም ብዙም በማትርቀው አፊሌ በምትባል ትንሽ ከተማ፣ በሕዝብ ገንዘብ፣ ለግራዚያኒ መታሰቢያ ቆሟል። አዎ፣ በእኛ አቆጣጠር የየካቲት 12ቱ ግራዚያኒ! ይህንን የሠራው የዛሬው የሜሎኒ መንግሥት አይደለም፤ የአካባቢው ማዘጋጃ ቤት ነው። በጣሊያንም በውጭም ብዙ ሰው ተቆጥቶ ነበር።

ለምን አሁን በረከቱ?

አንድ ምክንያት ብቻ የሚነግራችሁን ሰው አትመኑ።

በ2008 የገንዘብ ቀውስ መጣ። መንግሥታት ባንኮችን አዳኑ፣ ከዚያ ክሊኒክና ጡረታ ላይ ቆጠቡ። "አማራጭ ለጀርመን" የሚባለው ፓርቲ ራሱ በ2013 ሲመሠረት ዋና ጉዳዩ ስደተኛ አልነበረም። ለግሪክ ብድር ለምን በእኛ ግብር ይከፈላል የሚሉ የኢኮኖሚ ምሁራን ነበሩ የጀመሩት። በ2015 ከአንድ ሚሊዮን በላይ ሰዎች በባሕርና በየብስ አውሮፓ ገቡ፤ ብዙዎቹ የሶርያ ጦርነት ያፈናቀላቸው ነበሩ። ፓርቲው አጀንዳውን ወደዚያ አዞረ። በ2017 በ12.6 በመቶ የፌዴራል ፓርላማ ገባ፤ በየካቲት 2025 በ20.8 በመቶ ሁለተኛ ሆነ።

ሁለተኛው ነገር የድሮዎቹ ፓርቲዎች መመሳሰል ነው። ግራውም ቀኙም ተመሳሳይ በጀት ሲያቀርብ፣ ፋብሪካው የተዘጋበት ሰው "ለእኔ የሚቆም ማነው?" ይላል። የፈረንሳይ ሰሜን የማዕድን ከተሞች ድሮ የሶሻሊስትና የኮሚኒስት ነበሩ። ዛሬ የቀኝ አክራሪዋ የማሪን ለፔን ምሽግ ሆነዋል። ፖርቱጋል ደግሞ የአምባገነን ዘመን ትዝታ ስላላት አይነካትም ይባል ነበር። በ2019 የተመሠረተው ሼጋ የሚባለው ቀኝ አክራሪ ፓርቲ በዚያው ዓመት አንድ ወንበር አገኘ። በግንቦት 2025 ደግሞ 60 ወንበር ይዞ ከሶሻሊስቶች በላይ ተቀመጠ። በስድስት ዓመት ገደማ!

ድህነት ብቻ ነው እንዳይባል ደግሞ ስዊዘርላንድ አለች። ከዓለም ሀብታሞች አንዷ ሆና፣ ትልቁ ፓርቲዋ በፀረ ስደተኛ ቅስቀሳ የታወቀ ነው። የሚገርመኝ ሌላ ነገርም አለ። በጀርመን አክራሪው ፓርቲ የሚበረታው የውጭ ሰው በብዛት በሚኖርባቸው ትልልቅ ከተሞች አይደለም። የውጭ ሰው በሚያንስበት በምሥራቁ ክፍል ነው። በ1990 ከውህደቱ በኋላ ፋብሪካው በጅምላ ተዘግቶ፣ ወጣቱ ወደ ምዕራብ ሄዶ፣ የቀረው ሰው ተረሳሁ ብሎ የተቀመጠበት አካባቢ ነው። በመስከረም 2024 ቱሪንገን በተባለው ክልል ፓርቲው አንደኛ ወጣ። ሰውየው የሚፈራው ስደተኛ አብዛኛውን ጊዜ በስክሪን ያየውን ነው።

የሚጠሉት ሙስሊም ብቻ ነው?

ዋናው ዒላማቸው ብዙ ጊዜ እስልምና ነው። ስዊዘርላንድ በ2009 በሕዝበ ውሳኔ አዲስ ሚናራ እንዳይሠራ ከልክላለች፤ 57.5 በመቶው ደግፎታል። በወቅቱ በመላ ሀገሪቱ የነበሩት ሚናራዎች አራት ብቻ ነበሩ። የሆላንዱ ሄርት ቪልደርስ ሙሉ የፖለቲካ ሕይወታቸውን የገነቡት በዚሁ ጉዳይ ላይ ነው።

"እኛ ክርስቲያኖች ነን፣ አይመለከተንም" የሚል ሰው ሳገኝ ግን ሙሉጌታ ስራውን አነሳበታለሁ። ኢትዮጵያዊ ተማሪ ነበር። በኅዳር 1988 በአሜሪካ ፖርትላንድ ከተማ ራሳቸውን የተላጩ ነጭ አክራሪዎች ደብድበው ገደሉት። ሃይማኖቱን የጠየቀው የለም። በ1990 ፍርድ ቤት ገዳዮቹን የቀሰቀሰው ድርጅትና መሪው ላይ የ12.5 ሚሊዮን ዶላር ካሣ ወስኗል። በ2018 ደግሞ በጣሊያኗ ማቼራታ አንድ ሰው መኪና እየነዳ ጥቁር ያየበት ላይ ይተኩስ ነበር፤ ስድስት አፍሪካውያን ቆሰሉ። እርግጥ ፓርላማ የተቀመጡት ፓርቲዎች እንዲህ ያለውን ግድያ ያወግዛሉ። ግን "ሊተኩን ነው፣ ሊያጠፉን ነው" የሚለው ወሬ ከመድረክ ሲደጋገም ሚዛኑ የተናጋ ሰው ጆሮ ውስጥም ይገባል።

ከቡና ዋጋ ጋር ምን ያገናኘዋል?

ይህንን የጠየቁኝ አንድ ቡና አቅራቢ አባት ናቸው። የዚህ ሁሉ ምርጥ ጥያቄ ይሄ ነው እላለሁ።

በሐምሌ 2025 ፕሬዝዳንት ትራምፕ ለብራዚሉ ፕሬዝዳንት ሉላ ደብዳቤ ጻፉ። በብራዚል ዕቃ ላይ 50 በመቶ ቀረጥ እጥላለሁ አሉ። በደብዳቤው መጀመሪያ ያነሱት ምክንያት ንግድ አልነበረም። የቀድሞው ፕሬዝዳንት የጃየር ቦልሶናሮ ፍርድ ይቁም የሚል ነበር። ቦልሶናሮ የብራዚል ቀኝ አክራሪዎች መሪ ናቸው። በ2022 በጠባብ ልዩነት ተሸነፉ። በጥር 2023 ደጋፊዎቻቸው ፓርላማውንና ቤተ መንግሥቱን ወረሩ። በኋላ በመፈንቅለ መንግሥት ሙከራ ተከሰሱ።

ብራዚል የዓለም አንደኛ የቡና አምራች ናት። አሜሪካ ከውጭ ከምታስገባው ቡና ሲሶ ያህሉ ከእሷ ይመጣል። ቀረጡ በነሐሴ ሥራ ላይ ሲውል ቡናም አልተዘለለም። የኒውዮርክ ገበያ ተናወጠ፣ የአረቢካ ዋጋ ወጣ። የኢትዮጵያ ቡና በወቅቱ የተጣለበት ቀረጥ 10 በመቶ ብቻ ነበር። ጅማ ላይ ጀንፈል የሚገዛ ሰው ቦልሶናሮን አያውቅም ይሆናል፤ ላኪው የሚነግረው ዋጋ ግን ከኒውዮርኩ ነው የሚነሳው። በመስከረም የብራዚል ፍርድ ቤት ቦልሶናሮን በ27 ዓመት ከ3 ወር እሥራት ቀጣ። በኅዳር ትራምፕ ቡናን ከቀረጡ አወጡት፤ የአሜሪካ ሸማች በዋጋው ተማርሮ ነበር።

የአውሮፓም ጣጣ አለ። የአውሮፓ ኅብረት በ2023 ያወጣው ሕግ ከ2020 በኋላ ደን ተመንጥሮ የለማ ቡና አልገዛም ይላል። ማሳው ያለበት ቦታ በካርታ ነጥብ ይታወቅልኝም ይላል። ግማሽ ሄክታር ከጫካ ዳር ያለው የጅማ ገበሬ ይህንን ከየት ያመጣል? ሕጉ በ2024 ለአንድ ዓመት ተራዘመ። በ2025 መጨረሻ ደግሞ እንደገና ተገፋ። በኅዳር 2024 የአውሮፓ ፓርላማ ሕጉን ለማላላት ድምፅ ሲሰጥ የመሐል ቀኞቹ ያሸነፉት በቀኝ አክራሪዎቹ ድምፅ ነው። ማለትም እኛን የማይወዱን ሰዎች ለገበሬያችን ትንሽ መተንፈሻ ሊሆን የሚችለውን ሐሳብ ደገፉ። ፖለቲካ እንዲህ ያለ ጉደኛ ነው። የማላላቱ ማሻሻያዎች ግን በኋላ ቀርተው ያን ጊዜ የጸደቀው ማራዘሙ ብቻ ነው።

ልጄ ጀርመን ነው ያለው። ያባርሩታል?

ሕጋዊ የመኖሪያ ፈቃድ ያለው ሰው በአንድ ምርጫ ውጤት ብቻ አይባረርም። እስከ የካቲት 2025ቱ ምርጫ ድረስ ሌሎቹ ፓርቲዎች ከአማራጭ ለጀርመን ጋር መንግሥት አንመሠርትም ብለው ጸንተዋል። ይህንን "የእሳት ግንብ" ይሉታል። በጥር 2025 ግን ግንቡ አንዴ ተሰንጥቋል፤ በኋላ ቻንስለር የሆኑት የፍሪድሪሽ ሜርስ ፓርቲ ስለ ስደተኛ ያቀረበው የውሳኔ ሐሳብ ያለፈው በአክራሪዎቹ ድምፅ ነው። በማግሥቱ ብዙ ሕዝብ አደባባይ ወጣ።

እናቶች የሚያስጨንቃቸው ነገር መሠረት አለው። በኅዳር 2023 ፖትስዳም አጠገብ የአክራሪ ፓርቲ ሰዎች የተገኙበት ዝግ ስብሰባ ተካሂዶ ነበር። ስደተኞችን በጅምላ ስለመመለስ ተወርቷል። ጋዜጠኞች ወሬውን በጥር 2024 ሲያወጡት በመላው ጀርመን ትልቅ ተቃውሞ ተነሳ። የበለጠ መጨነቅ ያለበት ወረቀት የሌለው ወይም የጥገኝነት ጉዳዩ ያልተቋጨ ሰው ነው። ለእሱ ደግሞ ሕጉ የጠበቀው አክራሪዎቹ ሥልጣን ሳይዙ፣ በመሐል ፓርቲዎቹ እጅ ነው።

ሌሎቹ ፓርቲዎች ለምን አላስቆሟቸውም?

ሁለት መንገድ ሞክረዋል። አንዱ ማግለል ነው። ፈረንሳዮች በ2002 የፕሬዝዳንት ምርጫ ቀኝ አክራሪው ዣን ማሪ ለፔን ለሁለተኛ ዙር ሲያልፉ ግራ ቀኝ ሳይሉ ተባበሩ፤ ለፔን 18 በመቶ እንኳ አልሞሉም። በ2017 ልጃቸው ማሪን 34 በመቶ ገደማ ደረሱ። በ2022 ደግሞ 41.5። ማግለሉ ይሠራል፣ ግን እያደር ይሳሳል።

ሁለተኛው መቅዳት ነው። የዴንማርክ ሶሻል ዴሞክራቶች ስደት ላይ እንደ ቀኞቹ ጠነከሩ። የዴንማርክ ሕዝብ ፓርቲ በ2015 ከነበረው 21 በመቶ በ2019 ወደ 8.7 ወረደ። "ተሳካ" ይላሉ። እኔ እንጃ። ፓርቲው ቢከሳም ፖሊሲው መንግሥት ሆነ። የእንግሊዝ ወግ አጥባቂዎችም ጥገኝነት ጠያቂን ወደ ሩዋንዳ እንልካለን ብለው 700 ሚሊዮን ፓውንድ ገደማ አወጡ። በፈቃዳቸው የሄዱት አራት ሰዎች ነበሩ። በ2024 ተሸንፈው ሲወጡ ከእነሱ በስተቀኝ ያለው ሪፎርም ፓርቲ ከ14 በመቶ በላይ ድምፅ ወሰደባቸው።

ሥልጣን ሲይዙስ?

ሀንጋሪን ማየት ነው። ቪክቶር ኦርባን በ2010 በ53 በመቶ ገደማ ድምፅ ሁለት ሦስተኛ ወንበር አገኙ። በዓመቱ አዲስ ሕገ መንግሥት ጸደቀ። የምርጫ ሕጉም ተቀየረ። በ2014 ድምፃቸው ወደ 45 በመቶ ቢወርድም ሁለት ሦስተኛው ወንበር አልተነካም። ታንክ የለም፣ እሥር ቤት የተወረወረ ተቃዋሚ የለም። ዳኛው በጡረታ ይሸኛል። ጋዜጣው በወዳጅ ነጋዴ ይገዛል። ከውጭ የሚያየው ሰው እያንዳንዷን እርምጃ "ይቺማ ምን አላት" ይላል።

ፖላንድ የተገላቢጦሽ ናት። የሕግና ፍትሕ ፓርቲ ከ2015 እስከ 2023 ገዛ፣ ፍርድ ቤቶቹን በሰዎቹ ሞላ። በጥቅምት 2023 ከመራጩ 74 በመቶው ድምፅ ሊሰጥ ወጣ፤ ፓርቲው አብላጫውን አጥቶ ወረደ። ግን ያበላሹትን መጠገን አልቀለለም። በ2025 ፓርቲው የደገፈው ዕጩ ፕሬዝዳንት ሆነ፤ ፕሬዝዳንት ደግሞ ፓርላማ ያወጣውን ሕግ ውድቅ የማድረግ ሥልጣን አለው።

ትራምፕ ቀኝ አክራሪ ናቸው?

ምሁራኑም ይጣላሉ። ፓርቲያቸው የቆየ ወግ አጥባቂ ፓርቲ ነው። የምርጫ ሽንፈትን አለመቀበል፣ የጥር 6 ቀን 2021 የምክር ቤት ወረራ፣ ከዚያም በ2025 ለወራሪዎቹ ምሕረት ማድረግ ግን የወግ አጥባቂ ሥራ አይደለም። ለእኛ ስሙ ብዙም አይለውጥም። ዩኤስኤአይዲ ሲዘጋ የጤና ፕሮጀክት ላይ ይሠራ የነበረ ሰው ሥራውን ያጣው እዚሁ ሀገራችን ነው።

ወጣቱን ቲክቶክ ነው ያበላሸው?

በከፊል። ሩማንያ በታኅሣሥ 2024 የፕሬዝዳንት ምርጫዋን በፍርድ ቤት ሰርዛለች። ቲክቶክ ላይ ድንገት የገነነ ቀኝ አክራሪ ዕጩ በመጀመሪያው ዙር አንደኛ ወጥቶ ነበር። ሲደገም በግንቦት 2025 የመሐል ሰው የሆነው የቡካሬስት ከንቲባ አሸነፈ። በጀርመን ግን በ2025 ከ25 ዓመት በታች ካሉት ዘንድ አንደኛ የወጣው የግራ ፓርቲ ነው፤ እሱም ቲክቶክ ላይ ጎበዝ ነበር። መሣሪያው የሁሉም ነው።

እኛ ሀገርስ ይሄ ነገር የለም?

ስሙን እንዳለ አምጥቶ እዚህ ፓርቲ ላይ መለጠፍ አይመቸኝም። የእኛ ፖለቲካ የሚሰለፈው በሌላ መስመር ነው። ክርክራቸው ግን ለጆሯችን እንግዳ አይደለም። "መጤ ወረሰን፣ ሥራችንን ወሰደ፣ መሬቱ የእኛ ነው" የሚለውን ለመስማት ቪዛ አያስፈልግም። ጅማ ከአባ ጅፋር ዘመን የሂርማታ ገበያ ጀምሮ ከየአቅጣጫው በመጣ ነጋዴ የቆመች ከተማ ናት። ኦሮሞው፣ የሙ፣ ዳውሮው፣ ከፊቾው፣ አማራው፣ ጉራጌው አንድ ገበያ ነው የሚውለው። በማሪን ለፔን የሚበሳጭ ሰው እዚያው ሻይ ቤት ተቀምጦ ስለ ጎረቤቱ ተመሳሳይ ነገር ሲያወራ ሰምቼ አውቃለሁ። ስነግረው "ይሄማ ይለያል" አለኝ። የፈረንሳዩ መራጭም ቢጠየቅ እንደዚያው ነው የሚለው።

ቀጣዩ ትልቅ ምርጫ የት ነው?

በ2027 የፈረንሳይ ፕሬዝዳንት ምርጫ አለ። ማሪን ለፔን በመጋቢት 2025 የአውሮፓ ፓርላማን ገንዘብ አላግባብ በመጠቀም ጥፋተኛ ተብለው ለአምስት ዓመት እንዳይወዳደሩ ተፈረደባቸው፤ ይግባኝ ጠየቁ። እሳቸው ካልሆኑ የሚጠበቀው የፓርቲው ፕሬዝዳንት ዦርዳን ባርዴላ ነው። የተወለደው በ1995 ከፓሪስ ወጣ ባለ፣ ስደተኛ በሚበዛበት ሰፈር ነው። ቤተሰቡም ከጣሊያን የመጣ ነው።